ፈረሴ የሆዱ ጠፍር ሲጠብቅበት ሊነክሰኝ ይላል

ጥያቄ፦ ጋሪ የሚጎትት ፈረስ አለኝ። ልጓም ሳስገባለት ዝም ይላል። የሆዱን ጠፍር ሳጠብቅ ግን ጆሮውን አጥፎ ይዞርብኛል። ምን ይሻላል?

መልስ፦ ወንድሜ፣ በአንዴ አታጥብቀው። አላልተህ እሰር፣ ትንሽ አራምደው፣ ከዚያ ቀዳዳ በቀዳዳ ጨምር። ከፊት እግሩ ኋላ ያለውን ቆዳ በእጅህ ዳብሰው። ጠጉሩ ከተበላ ወይም ካበጠ አመል አይደለም፣ አሞታል። እስኪድን አትጫነው።

ሌላ መልስ፦ የአንገቱንም ማሰሪያ እይ። ጉሮሮው ጋ መዳፍህ ካልገባ፣ ሲጎትት ትንፋሽ ያጥረዋል።

ሌላ መልስ፦ ስትፈታ ደግሞ፣ ፈረሱ ከጋሪው ሳይላቀቅ ልጓሙን እንዳታወልቅ፣ አደራ! ከደነገጠ ጋሪውን ይዞ ይሮጣል፤ በምን ታቆመዋለህ?

ጠያቂ፦ አሁን ዳበስኩት። በግራ በኩል ቆዳው ተልጧል። ሥራ አቁሜያለሁ፤ ነገ ሐኪም ያየዋል።