ወንድሜ ክሪዎች አገር ሊሄድ ነው፤ እናታችን ስንቅ ጀምራለች

የቡሬዋ

ሰላም ለዚህ ቤት። ታናሽ ወንድሜ ካናዳ ነርስነት ተምሮ ጨርሶ ሥራ አገኘ። ቦታው ቺሳሲቢ ይባላል። ከሞንትሪያል በመኪና ወደ ሰሜን 1,400 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ነዋሪዎቹ ክሪ የሚባሉ የአገሩ ጥንተ ነዋሪዎች ናቸው አለን። አሁን ለእረፍት እኛ ዘንድ መጥቷል፤ በሚቀጥለው ወር ይሄዳል። እናታችን ከሰማች ጀምሮ እንቅልፍ የላትም። ድርቆሽ ታሰጣለች፣ በርበሬ ታስፈጫለች፣ ትናንት ደግሞ አንድ ጠርሙስ አረቄ በጋቢ ስትጠቀልል ያዝኳት። እዚያ የኖረ ሰው ካለ ይንገረኝ። ብርዱ እንዴት ነው? ሰዎቹስ? ምን ይያዝ?

የፍኖተ ሰላሙ

እህቴ፣ እኔ እዚያው ቺሳሲቢ ሦስት ዓመት በነርስነት ሠርቼ ነው የመጣሁት። አሁን ፍኖተ ሰላም ነኝ።

መጀመሪያ አረቄውን አውጡት። እኔ በነበርኩበት ጊዜ መጠጥ ማስገባት ክልክል ነበር፤ መግቢያው ላይ ኬላ አለ። ድርቆሹን ግን ጨምሩበት። በርበሬውንም። ጋቢው ለቤት ውስጥ ይሆነዋል። ጫማና ካፖርት እዚያው ይግዛ። እኔ ከዚህ የያዝኩት ጃኬት ያገለገለኝ አንድ ሳምንት ነው። ጥር ላይ ከዜሮ በታች 30 መድረሱ ብርቅ አይደለም። የጮቄን ውርጭ ችያለሁ እያልኩ ስፎክር የነበርኩት ሰውዬ አፌን ዘጋሁ፤ ስከፍተው ጥርሴን ያመኝ ነበር።

ሰዎቹ ዝምተኞች ናቸው። የመጀመሪያውን ወር የጠሉኝ መስሎኝ ነበር። እኛ ከብቱ ደኅና፣ አዝመራው ደኅና፣ ልጆቹ ደኅና እያልን ግማሽ ሰዓት እንፈጃለን። እነሱ «ዋቺያ» ብለው ሰላም ይሉና ዝም። በኋላ ሲገባኝ አብሮ ዝም ማለቱ ራሱ ጨዋታ ነው። ወንድምሽ ዝምታውን በወሬ ልሙላ ብሎ እንዳይደክም።

አንዲት በዕድሜ የገፉ ታካሚ ነበሩኝ። አልጋቸው ወንዙን በሚያሳይ መስኮት በኩል ካልሆነ አይተኙም። ቺሳሲቢ በቋንቋቸው ታላቅ ወንዝ ማለት ነው። እሳቸው የተወለዱት ግን አሁን ከተማው ባለበት ሳይሆን ወንዙ ከባሕር በሚገናኝበት ደሴት ላይ ነው፤ ፎርት ጆርጅ ይባላል። በ1971 የኩቤክ መንግሥት (ቺሳሲቢ ያለችበት ክፍለ ሀገር ነው) ወንዙን ልገድብ ነው ብሎ አወጀ (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። ቀድሞ የጠየቃቸው የለም፤ ከዜና ነው የሰሙት። ፍርድ ቤት ሄዱ። በ1973 ዳኛው ሥራው ይቁም ብሎ ፈረደላቸው፤ በሳምንቱ ይግባኝ ሰሚው እግዱን አነሣው። በ1975 ካሳና የአደን መብት ያለበት ስምምነት ተፈረመ። ግድቡ የወንዙን ውኃ ስለሚያበዛው ደሴቱን ይሸረሽረዋል ተባለና በ1980 ግድም ሕዝቡ ወደ ዋናው የብስ ተሻገረ። ከቤቶቹም ተጭነው የተሻገሩ አሉ።

ግድቡን ንቀሽ እንዳታልፊው። ከከተማው ሽቅብ ያለው ዋናው ማመንጫ ብቻ 5,616 ሜጋ ዋት ነው። የኛ ሕዳሴ 5,150 ነው። እኔ ይህን ስሰማ መጀመሪያ የተሰማኝ ቅናት ነበር፣ አልዋሽም። እኚያ ታካሚዬ ግን ስለ በረዶው ነበር የሚያወሩት። ድሮ በብርዱ ወራት ወንዙ ይቀንስና እንደ ድንጋይ ይጠጥር ነበር። አሁን ደቡብ ያሉ ከተሞች ቤታቸውን በኤሌክትሪክ ስለሚያሞቁ ውኃው በብዛት የሚለቀቀው በብርዱ ነው። ስለዚህ በረዶውን አያምኑትም። ዓሣውም ተበላሸባቸው። ውኃ የዋጠው ደንና አፈር ሲበሰብስ ሜርኩሪ ወደ ዓሣው ገባ፤ ሌላ ዓሣ የሚበላው ትልልቁ ደግሞ ይብስበታል። ዘመንሽን ሙሉ የበላሽውን ምግብ ነርስ መጥቶ ቀንሺ ሲልሽ አስቢው።

ሌላም አለ። በዕድሜ ከገፉት ብዙዎቹ ልጅ ሆነው ከወላጅ ተነጥለው አዳሪ ትምህርት ቤት የገቡ ናቸው። እዚያችው ደሴት ላይ ቤተ ክርስቲያን የሚያስተዳድራቸው ሁለት ነበሩ። በቋንቋቸው መናገር ያስቀጣ ነበር። በ2008 የካናዳ ጠቅላይ ሚኒስትር ይቅርታ ጠይቋል፤ ሰውነታቸው ግን አልረሳም። ነጭ ጋውን ለብሶ ዘው የሚል ሰው ሲያዩ ያፍራሉ ብዬ ነበር፤ ፍርሃት ኖሯል። ወንድምሽ ከመንካቱ በፊት ይቀመጥ፣ ስሙን ይናገር፣ ከየት እንደመጣ ይንገራቸው። እኔን የቀረቡኝ ጎጃምን በወረቀት ከሣልኩላቸው በኋላ ነው። ዓባይ እንዴት እንደሚዞራት ሲያዩ ሳቁ።

መምህር ዘደምበጫ

ጋሼ፣ የራሳቸው ፊደል አላቸው የሚባለው እውነት ነው?

የፍኖተ ሰላሙ

መምህር፣ እውነት ነው፤ የትምህርት ቤቱ በር ላይ ሳየው ፈዝዤ ቀረሁ። እንደኛው በቤት በቤቱ የሚሄድ ነው። እኛ እግር እንቀጥላለን፣ ቀለበት እናንጠለጥላለን። እነሱ ፊደሏን ራሷን ያዞሯታል። አንዷ የሦስት ማዕዘን ጫፍ ትመስላለች፤ ጫፏ ወደ ላይ ሲሆን «ፒ»፣ ወደ ቀኝ «ፑ»፣ ወደ ግራ «ፓ»። ሳድሷ ደግሞ ትንሽዬ ሆና ከፍ ብላ ትጻፋለች። በ1840 ጄምስ ኢቫንስ የሚባል ሚስዮናዊ ነው ያሳተመው፤ የሻይ ሣጥን እርሳስ አቅልጦ ሆሄ ቀረጸ፣ በዛፍ ቅርፊት ላይም አተመ። ምዕራብ ያሉት ክሪዎች ግን ከገዛ ወገናችን አንዱ ከመንፈሶች ዓለም ይዞት የመጣ ነው ይላሉ። እኔ የቅዱስ ያሬድን ታሪክ ሰምቼ ያደግኩ ሰው ነኝ፣ አልተከራከርኩም።

የቆጋው ልጅ

እኔ መራዊ ነኝ። የቆጋ ግድብ ሲሠራ የአያቴ ማሳ ውኃ ገባበት። መስኖው ጠቅሞናል፣ አልክድም። አያቴ ግን እስኪሞት ድረስ ግድቡ ዳር እየሄደ ይቀመጥ ነበር። ጋሼ፣ ደሴቱ ላይ የቀሩት መቃብሮችስ?

የፍኖተ ሰላሙ

እዚያው ናቸው ወንድሜ። በሐምሌ በሐምሌ ሕዝቡ በጀልባ ይሻገራል። ድንኳን ይተከላል፣ ይበላል፣ ይጨፈራል፤ የኛን ንግሥ ነው የሚመስለው። መቃብሩም ይጎበኛል። አንድ ዓመት እኚያ በዕድሜ የገፉት ታካሚዬ ይዘውኝ ሄዱ። ሣር ብቻ ያለበት ቦታ ላይ ቆሙና «እዚህ ጋ ምድጃዬ ነበር» አሉ። ከዚያ ቁጭ አሉ። እኔም ቁጭ አልኩ። ሻይ በቴርሞስ ይዘን ነበር፣ ጠጣን። ምንም አላወራንም።

የቡሬዋ

እግዚአብሔር ይስጥልኝ ጋሼ። ለእናቴ ሁሉንም አነበብኩላት። አረቄው ወጥቷል። አሁን ደግሞ ጭንቀቷ ምን ይበላል ሆነ።

የፍኖተ ሰላሙ

ግንቦት መግቢያ ላይ ዝይ ከደቡብ ይመለሳል። ትምህርት ቤቱ ሁለት ሳምንት ይዘጋል፣ ከተማው ባዶ ይሆናል፣ ሁሉም ጫካ ነው። ዝይዋን በገመድ አንጠልጥለው እሳቱ አጠገብ እያሾሩ ይጠብሷታል። ስቡ ጠብ ጠብ ሲል ድንኳኑ ያውዳል።

የቡሬዋ

«ዝይ? እግሯ የተያያዘውን?» ብላ አማተበች።

የፍኖተ ሰላሙ

ሃሃ፣ አውቄያለሁ፣ የኔም እናት እንዲሁ ነበረች። ሙስ የሚሉት ትልቅ አጋዘን አለ በያት። ሰኮናው ስንጥቅ ነው፣ ያመሰኳል። ማን ባረከው ካለች ግን እኔንም አትጠይቂኝ።

የቡሬዋ

ጠየቀች። አሁን ሽሮ ልታስፈጭ ወጥታለች።