አሜሪካኖች ክላሲካል ሙዚቃን የራሳቸው ማድረግ ለምን ከበዳቸው?

የፒያሳ ልጅ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ጆሴፍ ሆሮዊትዝ የሚባል የባህል ታሪክ ጸሐፊ በ2005 እ.ኤ.አ. ያወጣውን የአሜሪካ ክላሲካል ሙዚቃ ታሪክ እያነበብኩ ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ቦስተንና ኒውዮርክ በሙዚቃ ሞቀው ነበር ይላል። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ግን ሕዝቡ የአገሩን የሙዚቃ ደራሲዎች ትቶ ታዋቂ የኦርኬስትራ መሪዎችንና የሞቱ አውሮፓውያን ደራሲዎችን ማምለክ ጀመረ፤ ዋና ምሳሌው ጣሊያናዊው የኦርኬስትራ መሪ ቶስካኒኒ ነው። ያን ሁሉ ገንዘብና አዳራሽ ይዘው እንዴት? ሙዚቃ የተማራችሁ አስረዱኝ።

ባለቫዮሊኗ፦
ያሬድ ነው የተማርኩት፣ ይሄ ጉዳይ ሁሌም ያንገበግበኛል። ከድቮርዣክ ጀምር። ቼኩ የሙዚቃ ደራሲ ድቮርዣክ በ1892 ኒውዮርክ መጥቶ ናሽናል ኮንሰርቫቶሪ የሚባለው የሙዚቃ ትምህርት ቤት ኃላፊ ሆነ። እዚያ የሚማር ሃሪ በርሌይ የሚባል ጥቁር ዘፋኝ የባርነት ዘመን መዝሙሮችን እየዘፈነ አሰማው። ድቮርዣክ በ1893 የአሜሪካ ሙዚቃ መሠረት የጥቁሮች ዜማ ነው ብሎ በጋዜጣ ተናገረ፤ የዚያው ዓመት ታኅሣሥ ላይ "ከአዲሱ ዓለም" ያለው ሲምፎኒው ካርኔጊ አዳራሽ ተሰማ። መንገዱ ተጠቁሞ ነበር ማለት ነው። ግን የዜማው ባለቤቶች ኦርኬስትራው ውስጥ ቦታ አልነበራቸውም። ጥቁሩ የሙዚቃ ደራሲ ዊሊያም ዳውሰን በ1934 ሲምፎኒ ጽፎ፣ ታዋቂው የኦርኬስትራ መሪ ስቶኮቭስኪ ከፊላደልፊያ ኦርኬስትራ ጋር አቅርቦለት፣ ሰው አጨብጭቦለት፣ ከዚያ ለአሥርት ዓመታት ተረሳ። ድምፁ ነበር፣ ጆሮ ነው የተነፈገው።

ጃዝ ወዳጅ፦
እህቴ፣ በከፊል ነው የምስማማው። አሜሪካዊዎቹ ደራሲዎች ገርሽዊንና ኮፕላንድስ? ዛሬም በየአዳራሹ ይሰማሉ። ደግሞ ጥቁሮቹ በር ሲዘጋባቸው ጃዝን ሠሩ፣ እሱም ዓለምን ዞሮ በሙላቱ አስታጥቄ በኩል እኛው ደጅ ደርሷል። የአገሪቱን ድምፅ ኦርኬስትራ ውስጥ ብቻ መፈለግ ልክ አይመስለኝም።

የአራት ኪሎዋ፦
እኔን ያሳሰበኝ የራሳችን ነገር ነው። የሙዚቃ ደራሲው አሸናፊ ከበደ አሜሪካ፣ ኢስትማን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተምሮ መጣ፣ የያሬድ የመጀመሪያው ዳይሬክተር ሆነ፣ ስለ ዋሽንት ነፊው እረኛ ለኦርኬስትራ ጻፈ። አራት ኪሎ ተወልጄ ነው ያደግኩት፣ ግን ያንን ሥራ አንድም ቀን በአዳራሽ ሰምቼው አላውቅም። የሰማሁት ታክሲ ውስጥ፣ በስልኬ ነው፣ እንባዬ መጣ። ብሔራዊ ቴአትር በእግር የሚደረስ ነው እኮ!

የፒያሳ ልጅ፦
አመሰግናለሁ፣ ሁለቱንም ዛሬ ማታ እሰማለሁ። ከዳውሰን የቱን ክፍል ላስቀድም?

ባለቫዮሊኗ፦
ሁለተኛውን። ሲጀምር ጎንግ ሦስት ጊዜ ይመታል፣ ለሥላሴ ነው። መብራት አጥፍተህ ስማው።