ፖሊስ ለሦስተኛ ጊዜ 14 ቀን ሊጠይቅ ነው፤ ምን እናድርግ?

ጠያቂ፦ ሰላም ለሁላችሁ። ታናሽ ወንድሜ በማታለል ወንጀል ተጠርጥሮ ታስሯል። በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ቀርቧል፤ ከዚያ ወዲህ ለመርማሪው ሁለት ጊዜ 14፣ 14 ቀን ተፈቅዶለታል። አሁንም «ምስክር ይቀረኛል» ማለቱ አይቀርም። ጠበቃ አላቆምንም። አካልን ነጻ የማውጣት አቤቱታ አስገቡ የሚሉን አሉ። ያዋጣል?

መልስ 1፦ አሁን አያስገቡ። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 177 የሚቀርበው አቤቱታ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ለተያዘ ሰው ነው፦ 48 ሰዓት አልፎት ችሎት ላልቀረበ፣ ወይም ዋስ ጠርቶ የመፍቻ ትእዛዝ ደርሶ ሳለ ላልተለቀቀ። የወንድምዎ እስር የጊዜ ቀጠሮ (ለምርመራ ተጨማሪ ቀን የሚሰጥ) የፍርድ ቤት ትእዛዝ ስላለበት አቤቱታው ውድቅ ይሆናል፤ ቀንም ይበላል። መንገድዎ ዋስትና ነው። የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 63 ዋስትና የሚነፍገው ሞት ወይም 15 ዓመትና ከዚያ በላይ ጽኑ እስራት ለሚያስቀጣና ተጎጂው ሊሞት ለሚችልበት ጉዳይ ነው። ተራ ማታለል (የወንጀል ሕግ አንቀጽ 692) ጣሪያው 5 ዓመት ነው። ጉዳዩ ሙስና ከተባለ ግን በሌላ አዋጅ ስለሚመራ፣ መዝገቡ ላይ የተጻፈውን አንቀጽ አስቀድመው ያረጋግጡ።

መልስ 2፦ ሰው የሚሳሳተው 14 ቀኑን የፖሊስ መብት አድርጎ በመቁጠር ነው። የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 59 ያስቀመጠው በአንድ ጊዜ ሊሰጥ የሚችለውን ከፍተኛውን ቀን ነው፤ ዳኛው 3 ቀን ሊሰጥ፣ ጭራሽ ሊከለክልም ይችላል። ወንድምዎ ችሎት ላይ እንዲህ ይበል፦ «ባለፈው ቀጠሮ ሊሠራ የጠየቀው ምን ነበር? የትኛው ተሠራ? ያልተሠራው ለምን? የምርመራ መዝገቡ ይታይልኝ።» ቀጥሎ አንቀጽ 67ን ያንሳ፤ ዋስትና የሚያስከለክለው ይቀራል፣ ሌላ ወንጀል ይሠራል ወይም ማስረጃ ያጠፋል ተብሎ ሲሰጋ ነው። የቀረው የባንክ ማስረጃ ከሆነ በባንኩ እጅ ነው፤ እሱ ቢፈታ ምን ያደርገዋል? ምስክር ከሆነ ስንት እንደቀረ ይጠየቅለት። ክርክሩ መዝገብ ላይ ካልሰፈረ ለይግባኝ አይጠቅምምና «ይመዝገብልኝ» ማለትን አይርሳ።

ሕጉ የ1954 ዓ.ም. ነው፤ ቀጠሮ ስንት ጊዜ ሊደጋገም እንደሚችል ገደብ አላስቀመጠም። ማሻሻያ ሲነሳ ከሁሉ በፊት ሊደፈን የሚገባው ቀዳዳ ይህ ይመስለኛል፤ አጠቃላይ የቀናት ጣሪያ ያስፈልጋል። እስከዚያው ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19(4) ተጨማሪው ጊዜ ለምርመራው አስፈላጊ ከሆነው እንዳያልፍ ያዛልና እሱን ይጥቀስ።

መልስ 3፦ ዋሱን ዛሬውኑ አዘጋጁ። የደመወዝ ዋስ ከሆነ መሥሪያ ቤቱ ለፍርድ ቤቱ የጻፈው፣ ደመወዙንና ቋሚ ሠራተኛ መሆኑን የሚገልጽ ደብዳቤ ይያዝ፤ ዋሱም መታወቂያውን ይዞ ራሱ ይገኝ። ዓርብ ከሰዓት የተፈቀደ ዋስትና ወረቀቱ ካላለቀ እስከ ሰኞ ያሳድራል። ገንዘቡ ከአቅም በላይ ከሆነ አንቀጽ 69 የተያዘውን ሰው አቅም ማየትን ስለሚጠይቅ ገቢውን በማስረጃ አሳዩ። ከተከለከለ በአንቀጽ 75 ይግባኝ የሚባለው በ20 ቀን ውስጥ ነው፤ የትእዛዙን ግልባጭ በዚያው ዕለት ጠይቁ።

ጠያቂ፦ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ምርመራው አልቆ መዝገቡ ወደ ዐቃቤ ሕግ ቢሄድስ?

መልስ 1፦ ዐቃቤ ሕግ ክስ ለማቅረብ 15 ቀን አለው (አንቀጽ 109)። ዋስትናውን ግን ያኔ እንደገና ጠይቁ፤ «ምርመራ ይበላሽብኛል» የሚለው ምክንያት አብሮ አልቋልና።