የጫጉላው ፊልም እየሮጠብኝ ነው፣ ቶሎ በሉልኝ!

ሚሚ ፊልም፦ በናታችሁ ድረሱልኝ፣ ዛሬ ማታ 1 ሰዓት ክበባችን ውስጥ የ1916ቱን «ፋቲ ኤንድ ሜብል አድሪፍት» ልናሳይ ነው፣ ያው ሙሽሮቹ ፋቲና ሜብል ውቅያኖስ ዳር ጎጆ ይዘው ተንኮለኛው በሌሊት ቤቱን ከነሱ ጋር ወደ ውሃው የሚገፋባቸው፣ እና ፊልሙ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ እንደ ጉንዳን ነው የሚርመሰመሰው፣ ምን ላድርግ???

ቀበና 04፦ ሪስታርት አድርጊው

ጨዋታ አዋቂ፦ ጫጉላ ላይ ያለ ሙሽራ እንዴት ይረጋጋ 😂

አጎቴ ሪል፦ ልጄ፣ በዛን ጊዜ ካሜራው በእጅ እየተሽከረከረ ነው የሚቀረጸው። በሰከንድ 16 ፍሬም (ነጠላ ምስል) አካባቢ ይባላል እንጂ ቋሚ ልክ የለውም፣ 24 የጸናው ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ነው። ያንቺ ኮፒ ስንት ደቂቃ ነው? በምንስ ነው የምታጫውቺው?

ሚሚ ፊልም፦ 34 ደቂቃ፣ በቪኤልሲ። ጋሼ ታሪኩን በኋላ 🙏

አጎቴ ሪል፦ በቃ በሰከንድ 24 ፍሬም ተቀድቷል ማለት ነው፣ ለዛ ነው የሚሮጠው። ሶስት ሪል (የፊልም ጥቅልል) ነው፣ በ16 ቢሄድ ወደ 50 ደቂቃ ይጠጋ ነበር።

ቀበና 04፦ ሪስታርት ሞከርሽ?

ኪስቶን ነኝ፦ ቆይ ማን ነው መዘግየት አለበት ያለው? ፊልሙን የሠሩት የኪስቶን ስቱዲዮ ሰዎች እኮ ሩጫውን ሆን ብለው ካሜራውን ቀስ እያሽከረከሩ ነው የሚቀርጹት፣ ሲታይ እንዲፈጥን። ፍጥነቱን ወደ 0.67 (16 ለ24 መሆኑ ነው) ካወረድሽው ተንኮለኛውን የሚጫወተው አል ሴንት ጆን ሲወድቅ ሲነሳ ሁሉ ሞቶበት ሰው ያንቀላፋብሻል

ጨዋታ አዋቂ፦ ውሻው ሉክ ግን በየትኛውም ስፒድ ጀግና ነው

ላፕቶፕ ጠጋኝ፦ እህቴ ቪኤልሲ ላይ የግራውን ስኩዌር ቅንፍ ( [ ) ሁለቴ ንኪው፣ አንዱ 0.1 ነው የሚቀንሰው፣ 0.8 ላይ ይቆማል፣ 42 ደቂቃ አካባቢ ይሆናል። ሙዚቃው አብሮ ስለሚጎተት ኤምን ተጭነሽ ሚዩት አድርጊና ከስልክ ፒያኖ ልቀቂ። ካበዛሽው ኢኳልን ስትነኪ ወደ ነበረበት ይመለሳል። ልኩን ግን በሩጫው አትፈትኚው፣ ሜብል ተኝታ የፋቲ ጥላ ብቻ ጎንበስ ብሎ የሚስማት ቦታ አለ፣ እሱ መሳም ከመሰለ በቃሽ፣ ዶሮ ጥሬ ስትለቅም ከመሰለ አንዴ ደግመሽ ቀንሺ

ኪስቶን ነኝ፦ 0.8 እሺ። ከዛ በታች ግን አልስማማም

ጨዋታ አዋቂ፦ ፒያኖ ምን ያደርጋል፣ ማሲንቆ አምጪና አዝማሪው ተንኮለኛውን ይስደብልሽ 😂

ቀበና 04፦ ቪኤልሲውን አፕዴት አድርጊው

ላፕቶፕ ጠጋኝ፦ @ሚሚ ፊልም ሰራ?

አዲስ ገቢ፦ መግቢያው ስንት ነው?