ብርቱካን ሚደቅሳ ከዳኝነት ወጥታ ፖለቲካ መግባቷ ልክ ነበር ወይ?

የፈረንሳይ ልጅ፦ ትናንት ለቅሶ ቤት የተነሳ ክርክር ስላልተቋጨ እዚህ አመጣሁት። አንድ ሰውዬ "ዳኛ አንዴ ፓርቲ ከገባ በቃ፣ ከዛ ወዲያ ምርጫ ቦርድ ላይም ብታስቀምጠው ዳኛ አይሆንልህም" አለና ድንኳኑን ለሁለት ከፈለው። እኔ የሰፈሬ ልጅ ስለሆነች አዳላለሁ፣ ቀድሜ ተናግሬያለሁ። እናንተስ?

ሰበር ሰሚ፦ ሰውዬው እውነቱን ነው። ስዬን በዋስ ስትለቅ ሕግ አይታ ነው የፈረደችው ብለን ስናጨበጭብ ከርመን እሷ ሄዳ የቅንጅት ምክትል ሊቀመንበር ሆነች። "ለካ ያኔም ፖለቲካ ነበር" ለሚል ሰው አፍ ሰጠችው።

ጋሽ ጠበቃ፦ ልጄ ቆይማ። እኔ ያኔ ችሎት እመላለስ ነበር። 1993 ላይ ሕወሓት ሲሰነጠቅ ስዬ አብርሃ በሙስና ተብሎ ገባ፣ የመከላከያ ሚኒስትር የነበረ ሰው ነው እንግዲህ፣ ፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ቀረበና ብርቱካን ዋስትና ፈቀደችለት። ከፍርድ ቤቱ ሳይርቅ መልሰው ለቀም አደረጉት። ፓርላማው ደግሞ በሙስና የተጠረጠረ ዋስትና የለውም የሚል አዋጅ ሲያወጣ ጊዜም አልፈጀበት። እኔ ራሴ የመፍቻ ትዕዛዝ ይዤ አንድ ጣቢያ አርብ ከሰዓት ሄጄ አውቃለሁ፣ ተረኛው ወረቀቱን ተቀብሎ የሻይ ብርጭቆውን ላዩ ላይ አስቀመጠበትና "አለቃ ሲመጣ" አለኝ። አለቃ የመጣው ሰኞ ነው። ማህተሙ ላይ የብርጭቆው ክብ ታትሞበት ነበር። ይሄን የኖረ ሰው ለምን ፖለቲካ ገባች አይልም።

ሰበር ሰሚ፦ ጋሼ በአክብሮት፣ እርሶ የሚሉኝ ለምን እንደገባች ነው። እኔ የምለው ስለመመለሷ ነው። ከአሜሪካ በመጣች በሳምንታት ውስጥ ህዳር 2011 የምርጫ ቦርድ ሰብሳቢ ተባለች። የአንድነት ፓርቲ ሊቀመንበር የነበረች ሰው እኮ ናት፣ የፓርቲዎች ክስ የሚቀርበው እሷ ጋ ሆነ ማለት ነው።

ሚሚ ዲሲ፦ ኧረ አቦ! እና ማን ይሁን ታዲያ? ከ1997 ምርጫ በኋላ ከቅንጅት መሪዎች ጋር ታስራ እድሜ ልክ ተፈርዶባት ሐምሌ 1999 በይቅርታ ወጣች፣ ይቅርታው በሽምግልና የመጣ ነው ብላ ስዊድን ስለተናገረች ማስተባበያ ስጪ አሏት፣ እምቢ ብላ "ቃሌ" የሚለውን ጽፋ ታህሳስ 2001 ተመልሳ ቃሊቲ ገባች፣ የእድሜ ልኩ ፍርድ ተመለሰባት፣ ልጇ ገና ህፃን ነበረች፣ እስከ መስከረም 2003 አልወጣችም። እኛ እዚህ ፎቶዋን ይዘን በዛ ብርድ ስንጮህ ነበር። አንዲት መስመር ፈርማ ቤቷ ማደር ስትችል ያልፈረመች ሴት የምርጫ ውጤት ላይ ዝም ብላ ትፈርማለች?

ሰበር ሰሚ፦ ሚሚ ጀግንነቷን ማን ካደ። ግን ከሳሽ ሆኖ የከረመ ሰው ዳኛ ሲሆን ተከራካሪው ሁሉ ፊቷን እያየ ነው የሚገምተው፣ ገዢውም ተቃዋሚውም። መዓዛ አሸናፊን ተመልከት፣ ፓርቲ ሳትይዝ ነው ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዝዳንት የሆነችው።

የፈረንሳይ ልጅ፦ እና ከፖለቲካ ዳነች? 2012 ምርጫው በኮቪድ ሲራዘም የሕገ መንግሥት አጣሪ ጉባኤውን የምትሰበስበው እሷ ነበረች፣ ባለሙያዎቹን በቲቪ ሲያከራክሩ ሁላችንም አይተናል፣ መጨረሻ ላይ የመንግስት ስልጣን ይቀጥል ተብሎ ለፌዴሬሽን ምክር ቤት ሄደ። ፓርቲ ባትገባም ፖለቲካው ራሱ ችሎት ድረስ መጣባት።

ወኪል ነበርኩ፦ እኔ ሰኔ 14 2013 አንድ ጣቢያ የተሸናፊ ፓርቲ ወኪል ነበርኩ። ሰልፉ አላልቅ ብሎ እስከ ማታ 3 ሰዓት ተራዘመ፣ ቆጠራው ሌሊቱን ወሰደ። ጠዋት ውጤቱ በር ላይ ተለጠፈ፣ እኔም ማስታወሻዬን አውጥቼ አንድ በአንድ አመሳከርኩት፣ ልክ ነው። መሸነፉ ተሸንፈናል፣ በደንብ ነው የተሸነፍነው። ግን ቁጥሩን ቆሜ አይቼዋለሁ።

ሰበር ሰሚ፦ ያንተ ጣቢያ ልክ ይሁን። ብልፅግና ከ436 ወንበር 410 ወሰደ፣ ያንን ቆጠራ ብቻ አያመጣውም፣ የታሰረ አለ፣ ጦርነት አለ፣ ድምፅ ያልተሰጠበት ክልል አለ።

ወኪል ነበርኩ፦ እሱንማ ለቦርዱ አትስጥ።

ሰበር ሰሚ፦ እሺ ለቦርዱ የሚሰጠውን ልስጥ። ሰበር ችሎት የታሰሩት የባልደራስ ፓርቲ ሰዎች፣ እነ እስክንድር ነጋ፣ እጩ ሆነው ይመዝገቡ ብሎ ወሰነ። ቦርዱ መጀመሪያ ያለው ምንድነው? የድምፅ መስጫ ወረቀቱ ታትሟል፣ አይቻልም። የራሷ ትዕዛዝ ደጃፍ ላይ የተሻረባት ዳኛ የምትመራው መስሪያ ቤት ነው እንዲህ ያለው! ከዚህ በላይ ምን ላምጣልህ።

ጋሽ ጠበቃ፦ ኋላ ግን መዘገቧቸው እኮ።

ሰበር ሰሚ፦ መዘገቧቸው። አለቃ ሰኞ ሲመጣ ማለት ነው ጋሼ።

ጋሽ ጠበቃ፦ ይቺን ከኔው ነው የወሰድካት። ተቀብያለሁ፣ ታሳፍራለች። ግን የኔ ደንበኛ ሰኞ ሲወጣ ይቅርታ ያለው የለም፣ አስፈጻሚው በፍርድ ቤት ተሸንፎ ያተመውን ወረቀት ሲያስተካክል ደግሞ እኔ በዕድሜዬ ብዙ አላየሁም።

ሚሚ ዲሲ፦ ሰኔ 2015 ላይም ጤናዬ ብላ በራሷ ፈቃድ ለቀቀች፣ እዛ ሀገር ወንበር እንዲህ የሚለቅ ስንት አለ? የስዬን ነገር ደግሞ ያነሳ የለም፣ ስድስት ዓመት ገደማ ታስሮ ወጣና ኋላ አንድነት ገባ፣ እሱ ሲገባ እሷ ቃሊቲ ናት። በዋስ የለቀቀችው ሰው ፓርቲዋ ውስጥ፣ እሷ እስር ቤት።

ሰበር ሰሚ፦ ይሄ ለኔ ክርክር ነው የሚያግዘው ሚሚዬ 😂

የፈረንሳይ ልጅ፦ ለሁላችሁም። ነገ ሰልስት ነው፣ ሰውዬውም ይመጣል። ስለ ስዬ መልስ አለኝ፣ የባልደራሱን ካነሳብኝ ግን እንጀራ ላቅርብ ብዬ ነው የምነሳው።