ከተማ ለደበደቡ በራሪዎች መታሰቢያ ይገባልን?

አንደኛው ተከራካሪ፦ እ.ኤ.አ. በ2012 በለንደኑ ግሪን ፓርክ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ለተዋጉት የብሪታኒያ የቦምብ ጣይ እዝ በራሪዎች የቆመው መታሰቢያ መቆም አልነበረበትም። በሐምሌ 1943 የጀርመኗን ከተማ ሃምቡርግን ባጋየው የእዙ ድብደባ ከ30 ሺህ በላይ ሰው አልቋል፤ አብዛኛው መሣሪያ ያልያዘ ነዋሪ ነበር። ይህን ያደረሰ ሰው ምስሉ በነሐስ ተቀርጾ ሊከበር አይገባም።

ሁለተኛው ተከራካሪ፦ የሃምቡርግን ሙታን ማንሣትዎ ተገቢ ነው፤ ክሱ ግን ያረፈው በማይመለከተው ሰው ላይ ነው። በነሐሴ 1941 ከአውሮፕላን የተነሡ ፎቶግራፎች ሲመረመሩ፣ ዒላማችንን መታን ካሉት መካከል በ8 ኪሎ ሜትር ክልል ውስጥ የደረሱት ሲሶ ያህሉ ብቻ መሆናቸው ታወቀ። ፋብሪካን ለይቶ መምታት ያቃተው አየር ኃይል ከተማን በጅምላ ወደ መደብደብ ያዘነበለውም በዚህ ምክንያት ሲሆን፣ የሕዝቡን፣ በተለይም የፋብሪካ ሠራተኛውን ሞራል መስበር ግብ ያደረገው መመሪያ በየካቲት 1942 ወጣ። ያንን የወሰኑት ባለሥልጣናት ናቸው። ላንካስተር በተባለው ቦምብ ጣይ አውሮፕላን ጅራት ላይ ለብቻው ተቀምጦ፣ በብርድ እየተንቀጠቀጠ፣ የጠላት ተዋጊ አውሮፕላን ከጨለማው ውስጥ ይወጣ እንደሆነ ለሰዓታት የሚያፈጠው ወጣት ተኳሽ የሚደበድበውን ከተማ ስም የሚሰማው በዚያው ቀን ነበር። ከ125 ሺህ ገደማ በራሪዎች 55,573ቱ ሞተዋል፤ አልበርም ያለም ወኔ ቢስ ተብሎ ይመዘገብ ነበር።

ሦስተኛው ተከራካሪ፦ የሟቾቹ ብዛት የግዳጁን ትክክለኛነት አይመሰክርም። በራሪዎቹ ሁሉ በፈቃዳቸው የገቡ ናቸው። ጳጳሱ ጆርጅ ቤል በየካቲት 1944 በእንግሊዝ የጌቶች ምክር ቤት ይህን ድብደባ በግልጽ ተቃውመዋልና፣ በዘመኑ ስሕተትነቱ አይታወቅም ነበር ማለትም አይቻልም።

ሁለተኛው ተከራካሪ፦ ለመብረር መፍቀድ ዒላማ መምረጥ አይደለም፤ የእንግሊዟ ከተማ ኮቨንትሪ በ1940 በጀርመን ቦምብ ስትቃጠል ያየ ወጣት የተመዘገበው አገሩን ለመከላከል ነው። በተጨማሪም የግሪን ፓርኩ መታሰቢያ በድብደባው የሞቱትን የሁሉንም አገሮች ሰዎች የሚያስብ ጽሑፍ አለበት፤ ይህ ባይኖር ኖሮ እኔም እቃወመው ነበር። ለእዙ አዛዥ ለአርተር ሃሪስ በ1992 የቆመውን ሐውልት ግን አልከላከልም። በ1944 መጨረሻ የበላያቸው ቻርልስ ፖርታል ኃይላቸውን በነዳጅ ማምረቻዎች ላይ እንዲያተኩሩ ሲወተውቷቸው፣ ሃሪስ ከተሞችን መደብደቡ ይሻላል ብለው ተከራክረዋል። እርሳቸው ተኳሹ ወጣት ያልነበረው ምርጫ ነበራቸው።