ጥቆማ፦ ደሴና ኮምቦልቻ ላላችሁ የፕሌስቴሽን ጌም አፕዴት በየት በኩል ይሻላል?

ሰላም የደሴና የኮምቦልቻ ልጆች እንዴት ናችሁ። ሰሞኑን ስለ ጌም አፕዴት በውስጥ መስመር እሚጠይቀኝ ሰው በጣም በዝቷል፣ ለእያንዳንዱ ለየብቻ ከምመልስ አንዴ ሰብሰብ አድርጌ ልጻፈው ብዬ ነው። ረዘም ይላል ግን እስከ ታች አንብቡት፣ ብዙ ጊጋ ያተርፍላችኋል።

ሀሳቤን ከመጀመሪያው ልንገራችሁ። እኛ ሀገር ባለው ኔትና መብራት አፕዴትን ለኮንሶሉ (ለፕሌስቴሽኑ) ለራሱ መተው አያዋጣም። አውቶማቲኩን አጥፉት፣ ከዛ እምትጫወቱትን ጌም ብቻ በእጃችሁ መርጣችሁ፣ ኔቱ ደህና በሆነበት ሰዓትና ቦታ አውርዱ። ቤታችሁ የኢንተርኔት መስመር ከሌለ ደግሞ ኮንሶሉን ተሸክሞ ከመዞር ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ገዝቶ እሱን ብቻ ይዞ መሄድ ከሁሉም ይሻላል፣ እኔ እስካሁን ካየሁት መንገድ ሁሉ እሱን ነው እምመርጠው፣ ለምን እንደሆነ ወደ ታች አስረዳለሁ።

አሰራሩን ለማታውቁ፣ ፒኤስ ፎር ላይ ጌሙን ሳትከፍቱት ምስሉ ላይ ቁሙና ጆይስቲኩ ላይ ኦፕሽንስ እሚለውን ተጫኑ፣ በጎን ዝርዝር ይመጣል፣ ቼክ ፎር አፕዴት እሚለውን ምረጡ፣ ካለ ይነግራችኋል ዳውንሎድ በሉት። ምን ያህል እንደደረሰ ለማየት ኖቲፊኬሽን ውስጥ ዳውንሎድስ እሚለው ጋ ግቡ። ፒኤስ ፋይቭም ያው ነው፣ ኦፕሽንስ ከዛ ቼክ ፎር አፕዴት። አውቶማቲኩን ለማጥፋት ፒኤስ ፎር ላይ ሴቲንግ፣ ሲስተም፣ ኦቶማቲክ ዳውንሎድስ ውስጥ ገብታችሁ ምልክቱን አንሱት። ይቺን ብቻ ብታደርጉ እንኳ የዛሬው ጽሁፍ ግማሹ ጠቀማችሁ ማለት ነው።

አንድ ብዙ ሰው ሳያውቀው ጊጋ እሚጨርስበት ነገር አለ። የኳስ ጌም ላይ (ፊፋ እንበለው፣ ስሙ ከ2023 ጀምሮ ኤፍሲ ቢሆንም ሁላችንም ፊፋ ነው እምንለው) ሁለት አይነት አፕዴት ነው ያለው። አንዱ የጌሙ የራሱ አፕዴት ነው፣ ትልቁ እሱ ነው። ሌላው ስኳድ አፕዴት እሚባለው ነው፣ የተዘዋወሩ ተጫዋቾችን ወደ አዲሱ ክለባቸው እሚያስገባው፣ እሱ ጌሙ ውስጥ ገብታችሁ እምታወርዱት ትንሽ ነገር ነው። እና ጌሙን እንደ አዲስ አስጭነው ሲያበቁ ዝውውሩ አልገባም ብለው እሚናደዱ ልጆች አሉ፣ የቀራቸው እኮ ትንሿ ናት። ቅደም ተከተሉን ያዙት፦ መጀመሪያ የኮንሶሉ ሲስተም (ኮንሶሉን ራሱን እሚያሰራው ሶፍትዌር)፣ ቀጥሎ ጌሙ፣ መጨረሻ ስኳዱ። ሲስተሙ ያረጀ ከሆነ ኦንላይን አያስገባም፣ ጌሙ ያረጀ ከሆነ ደግሞ ሰርቨሩ ጋ አይገናኝም፣ ስለዚህ ከመሀል መጀመር አይቻልም። ሲዲ ካላችሁና ከሰፈር ልጅ ጋር ቤት ውስጥ ብቻ እምትጫወቱ ከሆነ ግን አፕዴት ሳታደርጉም ይሰራል፣ ማንም አይያችሁም፣ አትጨነቁ።

አሁን ወደ ምርጫዎቹ።

የቤት መስመር (ኢትዮ ቴሌኮም ብሮድባንድ)፦ ቤታችሁ ከገባ ወይ መግባት ከቻለ ሌላ ነገር አትፈልጉ። በወር እሚከፈል ስለሆነ ጊጋው አለቀ አላለቀ ብላችሁ አትሳቀቁም፣ ልዩነቱ ፍጥነቱ ላይ ነው። ስሌቱ ቀላል ነው፣ መስመሩ 4 ሜጋ ቢትስ ከሆነ በሰከንድ ግማሽ ሜጋባይት ነው እሚያወርደው፣ ስለዚህ 1 ጊጋ ወደ 33 ደቂቃ ይፈጃል፣ 6 ጊጋ አፕዴት ደግሞ 3 ሰዓት ከ20 ነው። 10 ሜጋ ቢትስ ቢሆን ያው 6 ጊጋ በ1 ሰዓት ከ20 ያልቃል። ይሄ ግን መስመሩ ሙሉውን ሲሰጥና ሌላ ሰው ቤት ውስጥ ቪዲዮ ሳያይ ነው። ማታ ሁሉም ሰው ሲገባ ይወርዳል፣ ስለዚህ ከሌሊቱ 6 ሰዓት በኋላ ብትለቁት ይሻላል። ሴቲንግ፣ ኔትወርክ፣ ቴስት ኢንተርኔት ኮኔክሽን ብላችሁ ኮንሶሉ ራሱ ስንት እያገኘ እንደሆነ ማየት ትችላላችሁ፣ ስልካችሁ ላይ ያያችሁትን አትመኑ፣ ኮንሶሉ ጋ እሚደርሰው ሌላ ነው።

እዚህ ላይ ሁለት ነገር ልጨምር። በዋይፋይ ፈንታ ራውተሩን ከኮንሶሉ በኬብል አገናኙት፣ በተለይ የመጀመሪያው ወፍራሙ ፒኤስ ፎር ያላችሁ፣ እሱ 2.4 ጊጋኸርዝ ዋይፋይ ብቻ ነው እሚይዘው፣ ስሊሙና ፕሮው ግን 5ም ይይዛሉ። ሁለተኛው፣ ጌም ከፍታችሁ እየተጫወታችሁ አታውርዱ፣ ፒኤስ ፎር ጌም ክፍት ሲሆን ዳውንሎዱን ይቀንሰዋል፣ ዝጉትና ልዩነቱን እዩት።

የሲም ዳታ (ኢትዮ ቴሌም ሳፋሪኮምም)፦ በስልክ ሆትስፖት ማውረድ ይቻላል፣ ግን በጊጋ በተቆጠረ ጥቅል ትልቅ አፕዴት ማውረድ አይመከርም። ለስኳድ አፕዴት ወይ ለትንሽ ነገር ነው እሚሆነው። የትኛው ይሻላል ብላችሁ ለምትጠይቁኝ፣ ለሁሉም ሰፈር አንድ መልስ የለኝም። ደሴ በጦሳና በአዝዋ ገደል መሀል የገባች ከተማ ናት፣ ፒያሳ ጥሩ የሰራ ሲም ቧንቧ ውሃ ወይ ሆጤ ስትሄዱ ሌላ ሊሆን ይችላል፣ ቤቱ ተዳፋቱ በየትኛው በኩል እንዳለ ራሱ ለውጥ ያመጣል። እና ጥቅል ከመግዛታችሁ በፊት የጎረቤት ወይ የጓደኛ ስልክ ተውሳችሁ ሁለቱንም እዛው ኮንሶሉ በተቀመጠበት ክፍል ሞክሯቸው፣ ስልኩን መስኮት ላይ አድርጋችሁም ሞክሩ። የሌሊት ጥቅል ካገኛችሁ ደግሞ ሰዓቱ ሲያልቅ ዳውንሎዱን ፖዝ ማድረግ አትርሱ፣ ፖዝ የተደረገው በነጋታው ካቆመበት ይቀጥላል።

ጌም ቤት ወስዶ ማስደረግ፦ ደሴ ፒያሳና አራዳ፣ ሸዋበርም፣ ኮምቦልቻም መናኸሪያው አካባቢ አፕዴት እናደርጋለን እሚሉ አሉ። ስም አልጠራም፣ ግን ጥሩውን ከመጥፎው እንዴት እንደምትለዩት ልንገራችሁ። ጥሩው መጀመሪያ ኮንሶሉ የተከፈተ (ሲስተሙ ተሰብሮ ያልተገዛ ጌም እንዲቀበል የተደረገ) ነው ወይስ ኦሪጅናል ብሎ ይጠይቃል። በስንት ጊጋ ወይ በስንት ሰዓት እንደሚያስከፍል ሳይነካው በፊት ይነግራችኋል። እናንተ እያያችሁ ይሰራል ወይ ደግሞ ሲጨርስ ጌሙን ከፍቶ ቨርዥኑን ያሳያችኋል። መጥፎው ዝም ብሎ ተቀብሎ ነገ ና ይላል። እኔ ያጋጠመኝን ልንገራችሁ፣ አንድ ቤት የሰጠሁትን ሃርድ ዲስክ ምንም ሳይጠይቁኝ ፎርማት አድርገው መለሱልኝ፣ ውስጡ የነበረው ጌም በሙሉ ሄደ፣ ለምን ስላቸው ኮንሶላችን ጠየቀን እሺ አልነው አሉኝ። እውነትም ይጠይቃል፣ ፒኤስ ፎር አዲስ ሃርድ ዲስክ ሲሰካለት እንደ ኤክስተንድድ ስቶሬጅ (ተጨማሪ የጌም ማስቀመጫ) ፎርማት ላድርግ ይላል፣ እሺ ካሉት ያለውን ሁሉ ያጠፋል። ስለዚህ እየቆማችሁ አሰሩ፣ ማፈር የለም።

ሃርድ ዲስኩ መንገድ፦ አሁን ወደምወደው መጣሁ። ፒኤስ ፎር ከ2017 ጀምሮ (ሲስተም 4.50 ከወጣ) ጌም በኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ላይ እንዲጫን ይፈቅዳል። ዩኤስቢ 3.0 መሆን አለበት፣ ከ250 ጊጋ እስከ 8 ቴራ። ቤታችሁ ፎርማት ታስደርጉታላችሁ፣ ጌሙን ወደሱ ታዘዋውሩታላችሁ፣ ከዛ ሃርድ ዲስኩንና ሲዲውን ብቻ ይዛችሁ ጥሩ መስመር ያለው ጓደኛ ወይ ዘመድ ቤት ትሄዳላችሁ። የሱ ፒኤስ ፎር ላይ ሰክታችሁ፣ ሲዲያችሁን አስገብታችሁ (ከስቶር የተገዛ ከሆነ በገዛችሁበት አካውንት ገብታችሁ) ቼክ ፎር አፕዴት ማለት ነው። አፕዴቱ እዛው እናንተ ሃርድ ዲስክ ላይ ይቀመጣል፣ ቤት መጥታችሁ ሰክታችሁ መጫወት። ደሴ ያለ ልጅ ኮምቦልቻ አጎቱ ቤት መስመር ካለ፣ ሐረጎን በሚኒባስ ኮንሶልና ቴሌቪዥን ኬብል ተሸክሞ ከመውረድ በኪሱ እሚገባ ነገር ይዞ ቢወርድ አይሻልም? በስፖንጅ ወይ በሹራብ ጠቅልሉት ብቻ፣ መውደቅ አይወድም።

ጥንቃቄው፣ ፒኤስ ፎር በአንድ ጊዜ አንድ ኤክስተንድድ ስቶሬጅ ብቻ ነው እሚቀበለው፣ ስለዚህ ጓደኛችሁ የራሱ ካለው መጀመሪያ እሱን ያውጣ። ስታወጡ ዝም ብላችሁ አትንቀሉ፣ ስቶፕ ዩዚንግ ዚስ ኤክስተንድድ ስቶሬጅ እሚለውን ብላችሁ ነው። የናንተ ኮንሶል ሲስተሙ ያረጀ ከሆነ አዲሱ አፕዴት አልከፍት ሊል ይችላል፣ ለሱ ደግሞ አብሽሩ መፍትሄ አለው፣ የሲስተሙ ፋይል ከፕሌስቴሽን ዌብሳይት በኮምፒውተር ይወርዳል፣ ለፒኤስ ፎር ግማሽ ጊጋ ገደማ ነው፣ ኢንተርኔት ካፌም ሊያወርዱላችሁ ይችላሉ። ፍላሽ ላይ በእንግሊዝኛ ትልልቅ ፊደል ፒኤስ 4 እሚል ፎልደር፣ በውስጡ አፕዴት እሚል ፎልደር፣ በሱ ውስጥ ፋይሉን ስሙን ሳትቀይሩ ታስቀምጣላችሁ፣ ከዛ ሲስተም ሶፍትዌር አፕዴት። ይሄ ግን ለሲስተሙ ብቻ ነው፣ የጌም አፕዴት ኦሪጅናል ኮንሶል ላይ በፍላሽ አይጫንም፣ እንጭናለን እሚላችሁ ካለ ስለ ተከፈተ ኮንሶል ነው እሚያወራው።

ፒኤስ ፋይቭ ያላችሁ፣ የፒኤስ ፋይቭ ጌም ከዩኤስቢ ሃርድ ዲስክ ላይ አይጫወትም፣ ማስቀመጥ ብቻ ነው እሚቻለው፣ የፒኤስ ፎር ጌሞች ግን ከሱ ላይ ይሰራሉ።

የተከፈተ ኮንሶል ያላችሁ ደግሞ፣ እባካችሁ ሲስተሙን ማንም እንዲነካው አትፍቀዱ፣ ሲስተሙ አፕዴት ከተደረገ ይዘጋል፣ ወደ ኋላም አይመለስም። ያገለገለ ኮንሶል ስትገዙም መጀመሪያ የተከፈተ ነው ወይስ ኦሪጅናል ብላችሁ ጠይቁ፣ አፕዴት የማድረጉ ነገር በሙሉ እሱ ላይ ነው እሚቆመው።

መብራት። ይሄን ሳልጽፍ ባልፍ ጽሁፉ ጎዶሎ ነው። መብራት ዳውንሎድ ላይ እያለ ቢሄድ ብዙ አይጎዳም፣ ሲመጣ ይቀጥላል። እሚጎዳው ወርዶ ጨርሶ ኮፒ ወይ ኢንስቶል እያደረገ ቢሄድ ነው፣ ፋይል ሊበላሽ ይችላል፣ ኤክስተርናል ካለም ሲነሳ ሪፔር ላድርግ ይላል፣ ያድርግ ተዉት። አያይዤ፣ ፒኤስ ፎር ኮፒ ሲያደርግ ጌሙ እሚይዘውን ያህል ክፍት ቦታ ሊጠይቅ ይችላል፣ አፕዴቱ 3 ጊጋ ሆኖ ጌሙ 50 ጊጋ ከሆነ 3 ጊጋ ክፍት ቦታ ይበቃኛል አትበሉ፣ እማትጫወቱትን አጥፉ። ወደ መብራቱ ስመለስ፣ ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ ለትንሽ ጊዜ እሚያቆይ ባትሪ) ትንሿም ብትሆን መግዛት ያዋጣል፣ ራውተሩንም እሱ ላይ ሰኩት። ስታቢላይዘር ብቻ ያላችሁ እሱ ከፍ ዝቅ ሲል ነው እሚጠብቃችሁ፣ ሲጠፋ አያድናችሁም። ኮምቦልቻ ያላችሁ ደግሞ ሙቀቱን አስቡት፣ ሌሊቱን ሙሉ ሲያወርድ እሚያድር ኮንሶል ቁም ሳጥን ውስጥ ወይ ዳንቴል ለብሶ አይቀመጥም፣ ከግድግዳው ራቅ አድርጉት።

ኤክስቦክስ ላላችሁ ባጭሩ፦ ማይ ጌምስ ኤንድ አፕስ፣ ማኔጅ፣ አፕዴትስ ውስጥ ሁሉንም በአንድ ላይ ታያላችሁ፣ ሃርድ ዲስክም እንደዚሁ ከአንዱ ወደ አንዱ ይሰካል። ስዊች ያለው ሰው እዚህ ብዙ አላየሁም፣ ግን እሷ ጥሩ ነገር አላት፣ ጌሙ ላይ ፕላሱን ተጭናችሁ ሶፍትዌር አፕዴት ውስጥ ስትገቡ አጠገባችሁ ካለ ሌላ ስዊች ጋር ቨርዥን ማስተካከል ትችላላችሁ፣ ያለ ኢንተርኔት።

በውስጥ መስመር ለጠየቁኝ እናት፣ ልጅዎ ፕሌስቴሽኑን ከስልክዎ ጋር ካገናኘ ጀምሮ ዳታው ቶሎ ቶሎ እያለቀ ነው ላሉኝ፦ ልጅዎን አይቆጡት፣ እሱ አላወረደም፣ ኮንሶሉ ራሱ ነው። ላይ የጻፍኩትን ኦቶማቲክ ዳውንሎድስ ያጥፉት። ቀጥሎ ሴቲንግ ውስጥ ፓወር ሴቭ እሚል አለ፣ ሬስት ሞድ ላይ ሆኖ ኢንተርኔት እንዳይጠቀም ስቴይ ኮኔክትድ እሚለውን ያንሱት። ልጁ ጠፍቷል ብሎ እሚተወው ብርቱካናማ መብራት ካበራ ሬስት ሞድ ላይ ነው ያለው እንጂ አልጠፋም። የስልክዎን ሆትስፖት የይለፍ ቃል ይቀይሩና አፕዴት ሲያስፈልገው ብቻ ይስጡት። ሰፈርዎ ውስጥ የቤት መስመር ያለው ዘመድ ካለ ደግሞ ሃርድ ዲስኩን ይግዙለት፣ በየወሩ ለጥቅል እሚያወጡት እዛው ይቀርልዎታል።

ሃርድ ዲስክ ስትገዙ ሱቁ እያላችሁ ኮምፒውተር ላይ አሰክታችሁ መጠኑን እዩ፣ 1 ቴራ ተብሎ ተሽጦ ውስጡ ሌላ የሆነ አይቻለሁ፣ የሆነ ትልቅ ፊልም ገልብጣችሁም መልሳችሁ ክፈቱት። ዋስትና በጽሁፍ ተቀበሉ። ኮምቦልቻ በእንዲህ አይነት ጥንቃቄ እሚሸጥ ሱቅ ወይ እያያችሁ አፕዴት እሚያደርግ ጌም ቤት እምታውቁ ካላችሁ ሰፈሩንና በምን እንደሚያስከፍል ከታች ጻፉልን፣ ከደሴ ይልቅ እዛ እሚጠይቀኝ ሰው ነው የበዛው።